የአትሂር ድምፅ

አትሂር ሞተ ሲሉኝ «የትኛው አትሂር?» አልኩ። ባለፈው ሳምንት መናኸሪያ ጋ ቁጭ ብሎ ሰዉን በሳቅ ሲገድል አይቼዋለሁ እኮ። እስካሁን አልዋጥልህ ብሎኛል።

ለማታውቁት ልንገራችሁ። ክልሉ ገና አዲስ ሳለ እኛ የአሶሳ ኪነት ልጆች በአንዲት የቪዲዮ ካሜራ ድራማ እንቀርጽ ነበር። አትሂር የሆሞሻ ወረዳ የበርታ ብሔረሰብ ልጅ ነው። ፊቱ ክፉ፣ ሰውየው ግን ዶሮ ማረድ የሚፈራ። ወንበዴ ሲያስፈልግ እሱ፣ ከሃዲ ሲያስፈልግ እሱ። በየቪዲዮ ቤቱ ይሰድቡታል፤ ገበያ ላይ ሴቶቹ ማንጎ አንሸጥልህም ይሉታል። መልሱ «ማፊ ሙሽኪላ» ነው፣ ችግር የለም ማለቱ። ለሁሉም ነገር እንደዚያ ነበር የሚለው።

በነዚያ ድራማዎች ግን አትሂር አንድ ቃል አልተናገረም። አፉን ያንቀሳቅሳል፣ ድምፁ የኔ ነው። አማርኛው አያምርም ብለን። «ብለን» ስል ዋናው እኔ ነኝ፤ አነጋገሩን እያስመሰልኩ ቡድኑን አስቅበት ነበር። እኔ ራሴ የወሎ ሰፋሪ ልጅ ነኝ፤ አባቴ አፉን በከፈተ ቁጥር ይስቁበት ነበር። አልተማርኩበትም።

አንዱን ድራማ ሆሞሻ ወስደን ስናሳይ እናቱን ከፊት አስቀመጣቸው። አማርኛ አይሰሙም። ትንሽ አዩና በቋንቋቸው አንድ ነገር አሉት። ምን አሉ ስለው፣ «ማነው በልጄ አፍ የሚናገረው አለች» አለኝ።

ሳቅኩ። እሱ አልሳቀም።

ከዚያ ለመጀመሪያ ጊዜ አንድ ነገር ለመነን። እናቱ እንዲሰሙት፣ በሚቀጥለው ድራማ አንዲት ነገር በራሴ ድምፅ ልናገር አለ። ሰጠነው፤ ወንበዴው ሲሞት «ውሃ አጠጡኝ» ይላል። ሳምንታት ሙሉ ተለማመደ። ገበያ መሃል ሲለማመድ ሰምተው፣ ማንጎ የከለከሉት ሴቶች እውነት መስሏቸው በጣሳ ውሃ አቀበሉት።

ተቀረጸ። ከኔ ድምፅ ይበልጥ ነበር። ለድራማው ምረቃ ከአዲስ አበባ እንግዶች ይመጣሉ ተባለ፤ እኔም ያንን ሰበብ አድርጌ፣ ሳልነግረው የራሴን ድምፅ ደረብኩበት። ቅናት ነው፣ ሌላ ስም የለውም።

የምረቃው ቀን እናቱ አጠገቡ ነበሩ። ሁለቱም የኔን ድምፅ ሰሙ። ተነሳ፣ እጃቸውን ይዞ ወጣ። ወደ ቡድኑ አልተመለሰም። እሳቸውም ዓመት ሳይሞላ ሞቱ።

ዛሬ ያንኑ ትዕይንት እያጋራችሁ «ወይ ድምፅ፣ ያስለቅሳል» ትላላችሁ። ሁሉንም አነበብኩ። እግዜር ይስጥልኝ እንኳ ማለት አልቻልኩም።

ጠዋት የአትሂር ልጅ ደወለች። «ጋሼ፣ አባቴ ራሱ የተናገረበት ካሴት አለዎት? ልጆቼን ላሰማቸው ነበር» አለች። ልፈልግ አልኳት። ምኑ ይፈለጋል? የደረብኩት በዚያው ካሴት ላይ ነው፤ ሌላ ቅጂ አልነበረንም።

አትሂር፣ ጓደኞችህ ለቅሶ ቤት ስላንተ ንግግር እንዳደርግ መርጠውኛል። አላደርግም። ያጠፋሁትን ለልጅህ ፊት ለፊት እነግራታለሁ፤ ከፈለገች ታባርረኝ። ስላንተ ግን የሆሞሻ ሰዎች በቋንቋችሁ ይናገሩ። እኔ በአንተ ፋንታ የተናገርኩት ይበቃል።

ደህና ሁን።