የሺሃረግ መንግሥትን የረታች ጊዜ

የሺሃረግን የማያውቅ ሰው ከዲላ ወደ ይርጋጨፌ በሚወስደው መንገድ ተመላልሷል ብዬ አላምንም። ሱቋ መንገዱ ዳር ነበረች፤ ቆርቆሮ በቆርቆሮ። አውቶቡስ ባለፈ ቁጥር በርበሬዋ ላይ አቧራ ይነሰንሳል፣ እሷም ሹፌሩን ከነዘር ማንዘሩ ትረግማለች። ባሏ ከሞተ ወዲህ ልጆቿን ያሳደገችው በዚያች ሱቅ ነው። መሬቱ ግን ካርታ የለውም። ይዞታዬ ይረጋገጥልኝ ብላ ለማዘጋጃ ቤቱ ካመለከተች ዓመታት አልፈዋል፤ እሺም እንቢም ያላት የለም። አፍራሾች ሲመጡ «ጉዳዬ ገና አልተወሰነም» ትላቸዋለች፣ እነሱም ይመለሳሉ።

ከጀርባዋ፣ ከቦዩ ወዲያ፣ ሳፋና ጀሪካን የምትሸጠው ሀጅራም እንደሷው አመልክታ ትጠብቅ ነበር። አብረው ማዘጋጃ ቤት ይሄዳሉ፣ «ነገ ተመለሱ» ይባላሉ፣ ሹማምንቱን በአንድ አፍ እየረገሙ ይመለሳሉ። የልብ ወዳጆች ነበሩ። የሚሊኒየሙ ሰሞን ታዲያ ሀጅራ ማንንም ሳታማክር ፍርድ ቤት ሄደች። ዳኛውም ማዘጋጃ ቤቱን «ሴትየዋን አታጉላሏት፤ ውሳኔያችሁን ስጡ» ብሎ አዘዘ። ብዙም ሳይቆይ የሀጅራ ካርታ ወጣ።

የሺሃረግ «እንኳን ደስ ያለሽ» አለቻት፤ ከልቧ ግን አልነበረም። ሀጅራ! ትናንት የመጣችው፣ ንግዱን ሀ ብላ ያስተማረቻት ሀጅራ! ቅናት ለአጥንት ነቀዝ ነው የሚባለው እውነት ነው። ሀጅራ ቆርቆሮውን አፍርሳ በብሎኬት ስትሠራ የሺሃረግ አንጀቷ አረረ። በረንዳው ሲለሰን አየች፣ በሩ አረንጓዴ ሲቀባ አየች፤ ለደንበኛ በርበሬ እየሰፈረች ዓይኗ እዚያው ነው። «ዳኛው ዘመዷ ነው አሉ» ብላም አስወራች። ዘመዷ እንዳልሆነ አሳምራ ታውቃለች።

በመጨረሻ፣ እኔስ ከማን አንሼ ብላ ክስ አጻፈች።

የማዘጋጃ ቤቱ መዝገብ ቤት ሠራተኛ ጋሽ ሙሉጌታ፣ ለጡረታ የተቃረቡ ሽማግሌ፣ ይህን ሲሰሙ ሱቋ ድረስ መጡ።

«የሺ፣ ተይ። የሀጅራ ቤት ከቦዩ ወዲያ ነው። ያንቺ የመንገዱ ወሰን ውስጥ ነው። ዝም ብለው ቢተዉሽ ይሻልሻል፤ የግድ ወስኑ ከተባሉ ምን እንደሚወስኑ አውቃለሁ።»

«ሀጅራ ናት የላከችዎት?»

«ማንም አልላከኝም።»

«እሷ ስትከስ መንገዱ የት ነበር? የኔ ተራ ሲደርስ ነው ወሰን የሚወጣው?»

«ሲሉ ሰምታ ዶሮ ሞተች ታንቃ» እያሉ ሄዱ ሽማግሌው።

ዳኛው ለየሺሃረግም ያንኑ ትእዛዝ ሰጠላት። ያን ቀን እልልታዋን አቀለጠችው፤ ሀጅራ በደንብ እንድትሰማ ቦዩ አፍ ላይ ቆማ ደገመችው። ሀጅራ ሮጣ መጥታ «አልሐምዱሊላህ የሺዬ» ብላ አቀፈቻት። እቅፏ ራሱ አናደዳት።

ማዘጋጃ ቤቱ ትእዛዙን አከበረ፤ ወሰነ። ቦታው የመንገድ ወሰን ስለሆነ ጥያቄዋ ውድቅ ነው፣ ሱቁም ይነሣ። አፍራሾቹ ሲመጡ «ጉዳዬ ገና አልተወሰነም» እንዳትላቸው ጉዳይዋ ተወስኗል። በርበሬው ጆንያ ላይ ተቀምጣ ቆርቆሮው ሲነቀል አየች።

ሀጅራ ማንም ሳይጠይቃት ጆንያዎቹን አንድ በአንድ ወደ ራሷ በረንዳ ጎተተቻቸው። «እዚህ ዘርጊ የሺዬ። ኪራይ ምናምን ብትዪኝ እንጣላለን» አለቻት። ምነው ክፉ በሆነችብኝ፣ አለች የሺሃረግ በልቧ፤ ክፉ ብትሆን እንዴት በቀለላት። ግን ልጆች አሉ። ዘረጋች።

ዛሬም እዚያው ናት። የሀጅራ አፍ ደግሞ አያርፍም፤ ደንበኛ በመጣ ቁጥር ከልቧ እየኮራችባት «የሺ እኮ ማዘጋጃ ቤቱን ከስሳ የረታች ሴት ናት» ትላለች። ደንበኛው «እውነት ነው?» ብሎ ይዞራል።

«አዎ፣ ረትቻለሁ» ትላለች የሺሃረግ፤ የሀጅራን ደንበኛ መተላለፊያ እንዳይዘጋም በርበሬዋን ወደ ጥግ ሰብሰብ ታደርጋለች።