የሞቀ ውሃ ቱቦ

እዚህ ፈረንጅ አገር፣ ቤክስሊ ውስጥ፣ ቤታቸው እየሄድኩ የምንከባከባቸው፣ ሆም ኬር የምሠራላቸው ሽማግሌ ገላ መታጠብ አጥብቀው ይጠሉ ነበር። ጡረታ የወጡ አርኪዮሎጂስት ናቸው፤ መርሳት ጀምሯቸዋል። እኔ "ጋሼ" እላቸዋለሁ፤ ትርጉሙን ስነግራቸው ደስ ብሏቸው ነበር። መታጠቢያ ቤቱ በር ላይ ስንደርስ ግን እጀታውን ጨምድደው ይይዙና "በረዶ ነው፣ አልገባም!" ይላሉ። ከእኔ በፊት የነበረችው ሠራተኛ በዚሁ ተማርራ ነው የለቀቀችው።

አንድ ጠዋት ብዙ ከታገልን በኋላ፣ ፒጃማቸውን እንደለበሱ መታጠቢያው ወንበር ላይ ተቀመጡ።

"ቱቦው የታለ?" አሉኝ።

"የምን ቱቦ ጋሼ?"

"የሞቀው ውሃ ነዋ! ያለሱ እንዴት እጠልቃለሁ?"

ግራ ገባኝና ደብሊን የምትኖረውን ልጃቸውን ኮል አደረግኳት። አባቷ በወጣትነታቸው ካናዳ፣ ላብራዶር የሚባል ጠረፍ ላይ፣ የሰመጠ መርከብ ያጠኑ እንደነበር ነገረችኝ። የባሕሩ ብርድ ስለማይቻል፣ ከላይ ያሉት ሰዎች የሞቀ ውሃ በቱቦ ወደ ጠላቂዎቹ ልብስ ይለቁላቸው ነበር።

ስልኩን ዘጋሁና የእጅ ሻወሩን አነሳሁ። ሙቀቱን በክንዴ ለክቼ በፒጃማው አንገትጌ በኩል ቀስ ብዬ ለቀቅኩላቸው። ትከሻቸው ወረደ። ዓይናቸውን ጨፈኑ።

"እንዲህ ነው" አሉ። ከዚያ ወሬው መጣ። መርከቧ ከአራት መቶ ዓመት በፊት የሰመጠች የባስኮች መርከብ ነበረች፤ ከስፔንና ከፈረንሳይ ድንበር አካባቢ ተነስተው፣ ውቅያኖስ አቋርጠው ዓሣ ነባሪ የሚያድኑ ሰዎች። ስቡን አቅልጠው የመብራት ዘይት ያወጣሉ። ዘይቷን እንደጫነች ማዕበል አሰመጣት።

"ጠረፉ አጠገብ ያለች ደሴት ላይ መቃብራቸውን አገኘን" አሉኝ። "የአንዱ የሱፍ ልብስ አልበሰበሰም። በብሩሽ አፈሩን ያራገፍኩለት እኔ ነኝ። እናቱ ትሁን ሚስቱ እንጃ፣ እንዳይበርደው ብላ የሠራችለት ሰው ነበረች። መጨረሻውን የነገራት ይኖር ይሆን?"

አለቀሱ። የፒጃማውን ቁልፍ ስፈታ አልከለከሉኝም።

ቅዳሜ ልጃቸው ከደብሊን መጣችና፣ ሳጥባቸው ስለ ሱፍ ልብሱ ሲያወሩልኝ መታጠቢያ ቤቱ በር ላይ ቆማ አዳመጠች። "ለእኔ ስለ መርከቡ ብቻ ነበር የሚነግረኝ" አለችኝ በሹክሹክታ። እጅጌዋን ሰብስባ ሻወሩን ከእጄ ተቀበለች።

"አባዬ፣ በጣም ሞቀ?"

"ልክ ነው። አንቺ ጎበዝ ነሽ፤ አዲስ ነሽ እንዴ እዚህ?"

ውሃውን አላቋረጠችም። "አዎ፣ አዲስ ነኝ። ስለ ልብሱ ንገረኝ" አለችው።

ከዚያ ወዲህ፣ ከደብሊን በመጣች ቁጥር፣ ቅዳሜ የእሷ ነው። እኔ ወጥ ቤት ቁርስ እየሠራሁ የሁለቱን ድምፅ እሰማለሁ።