የግሪክ ቲማቲም፣ የጎጃም ሆድ

ዛሬ፣ በፍልሰታ መካከል፣ አማቼ ሳሙኤል ሥጋ የተሞላ ቲማቲም አቀረበልኝ!

ስቶክሆልም ዳርቻ፣ ብሬዴንግ ሰፈር ካለው ቤቱ ድረስ የጠራኝ «ሁሌ የሚያወሩለትን የግሪክ ምግብ ሠርቼልዎታለሁ» ብሎ ነው። እኔም እስከ ዘጠኝ ሰዓት ጾሜ፣ ምራቄን እየዋጥኩ ሄድኩ። ትሪውን ከምድጃ ሲያወጣ ሽታው ቀድሞ ነገረኝ።

«አንተ! ይኼ ሥጋ አይደለም እንዴ?»

«አባባ፣ አይቆጡ። ኢንተርኔት ላይ አይቻለሁ፤ የግሪኮች ጾም ትናንት ተፈቷል። ምግቡም የግሪክ ነው።»

ልጄን የዳርኩለት እኮ ዶክተሬቱን አምኜ ነበር!

«ምግቡ የግሪክ ይሁን፤ ሆዱ የጎጃም ነው» አልኩት።

በፈረንጆቹ ስልሳዎቹ፣ እዚሁ ስቶክሆልም ተማሪ ሳለሁ፣ ስታቭሮስ ከሚባል ግሪካዊ ጋር ወጥ ቤት እንጋራ ነበር። የሱ ፍልሰታ ከኛ በሳምንት ቀድሞ ይፈታል። ያን ቀን ቲማቲሙን ፈልፍሎ ሩዝና የተፈጨ ሥጋ እየሞላ፣ «የእናንተ ካላንደር በበቅሎ ነው እንዴ የሚመጣው?» እያለ ያበግነኛል።

ያ ዘባች ግን ለኔ ሩዝ፣ ሽንኩርትና ዘይት ብቻ የሞላቸውን ሁለት ቲማቲሞች ለብቻቸው በትንሽ ድስት ያበስልልኝ ነበር። ኢንተርኔት አልነበረውም፤ ይሉኝታ ነበረው።

ሊቁ አማቼስ? ደረቅ ዳቦ አቀበለኝ።

ዳቦዬን እየገመጥኩ ሙልጭ አድርጌ ሰደብኩት። ስወጣ ግን በር ላይ ጠራሁትና «ከቲማቲሙ ሦስቱን ፍሪዘር ውስጥ አስቀምጥልኝ፤ የኛም በቅሎ በሳምንቱ ትደርሳለች» አልኩት።

የእናንተስ አማቾች በጾም ምን አቅርበውላችኋል? ንገሩኝ፣ ብቻዬን አልቃጠል።