አስተርጓሚው ሸምበቆውን ያወረደ ዕለት

ባለፈው እሑድ በመስኮቱ መዝጊያ ስንጥቅ የገባ ቀጭን ብርሃን ግድግዳው ላይ አረፈ፤ አቧራው በውስጡ ይርመሰመስ ጀመር። ተነሥቼ መዝጊያውን መክፈት ትቼ ቁጭ ብዬ አየሁት። የጎንደሩ ሲኒማ ቤት መጣብኝ። የጋለው መብራት ሽታ፣ የተቆላ ሱፍ፣ የሲጋራ ጭስ፣ ከኋላችን እንደ ወፍጮ የሚያጉረመርመው ማሽን። እስቲ ላውራችሁ።

አዳራሹ ጣሊያን ሠርቶት የሄደ ነው። እሑድ ከሰዓት በኋላ ቤተሰብ ይገባል። ፊልሙ በባዕድ ቋንቋ ነውና ከሸራው ጎን ሸምበቆ የያዘ አስተርጓሚ ይቆማል። ቀጭን ሰው ነው፣ ኮቱ ሁልጊዜ የተተኮሰ። "ይኼ ሌባው ነው፣ ልብ በሉ! ይቺ ሚስቱ ናት፣ እሷንም ልብ በሉ!" ይላል ሸራውን በሸምበቆው እየነካ። ሕዝቡ ያብዳል።

ይኼ ሰው ነው እንግዲህ ለታላቅ እህቴ ሽማግሌ የላከው። እህቴ ትወደው ነበር። ምስጢሩንም ታውቃለች፤ አንድ ቀን ነጠላ ስንቋጭ ጠጋ ብላ ነገረችኝ።

"ጣሊያንኛውን ያንበለብለዋል። አሁን የሚመጡት ፊልሞች ግን እንግሊዝኛ ናቸው። አንዲት ቃል አይሰማም።"

"ታዲያ የሚነግረንስ?"

"ከራሱ ነዋ!" ብላ ሳቋን ለቀቀችው።

እኔ አልተናደድኩም። እንዲያውም ጉጉት ያዘኝ። እስከዚያን ቀን ያየኋቸው ፊልሞች ሁሉ እውነተኛ ታሪካቸው ምን ይሆን እያልኩ አሰላስል ጀመር።

አባታችን ጨርቅ ነጋዴ ነበር፤ ዳር እስከ ዳር ዘርግቶ ሳያይ የሚገዛው ነገር የለም። ሽማግሌዎቹ "ቋንቋ አዋቂ ነው" ሲሉት "እንግዲያው ጆሮ ይስማው" አላቸው። ግቢያችን ውስጥ ክፍል የተከራየ ህንድ የእንግሊዝኛ መምህር ነበርና እሱን ይዞ ሊሄድ ቆረጠ። ትርጉሙ ልክ ከሆነ ልጁን ይድራል፤ ካልሆነ አይድርም። እህቴ ያን ሰሞን ምግብ አልዋጥላት አለ።

እሑድ ደረሰና ገባን። አባቴና መምህሩ ከፊት፣ እኔና እህቴ ከኋላቸው። 

ፊልሙ ስለ አንድ ምትሃተኛ ነበር። ሚስቱን ሳጥን ውስጥ ይከታታል፣ ይዘጋል፣ ሲከፍተው ባዶ ነው። ሰው ሁሉ አፉን ከፍቶ ሲያጨበጭብ ከአንዲት ባለጸጋ አንገት ላይ የአልማዝ ሐብል ይጠፋል። አስተርጓሚው ያን ቀን ተአምር ሠራ። ሚስቲቱና የምትሃተኛው ጓደኛ በምስጢር ሲመካከሩ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ "ወይ ጉድ! አብራው እየበላች እየሸጠችው ነው" ሲል ከጎኔ ያሉ ሴትዮ "ምነው! ምነው አንቺ!" ብለው ሸራውን ተቆጡ። "ከኋላህ ነው! ዙር እንጂ አንተ!" ይላል ሌላው። ጥይት ተተኮሰ፤ ምትሃተኛው ወደቀ። ከፊት የነበሩ ሽማግሌ ቆባቸውን አወለቁለት።

ሚስቲቱ መሐረብ ይዛ ለፖሊሱ ስትናገር አስተርጓሚው፣ "ወይኔ ባሌ፣ ወይኔ ጥላዬ እያለች ነው" አለ። እዚህ ላይ ህንዱ መምህር ሳቀ። ሳይታወቀው ነው፤ ወዲያው አፉን በእጁ ያዘ። አዳራሹ ግን ሰምቶታል።

አስተርጓሚው ወደ ድምፁ ዞረ። መምህሩን አየ፣ አባቴን አየ። ከዚያ ከኋላ እህቴን አያት። ሸምበቆውን አወረደ።

"ወገኖቼ፣" አለ፣ "እኔ ይኼን ቋንቋ አላውቀውም። ይቅርታ አድርጉልኝ።"

 ከዚያ ከወደ ኋላ አንዱ፣ "አያ አስተርጓሚ! ማን ጠየቀህ? ይልቅ ሴትዮዋን ያዝልን፣ ልታመልጥ ነው!" ብሎ ጮኸ። አዳራሹ በሳቅ ተናወጠ። መምህሩ ብድግ ብሎ በዚያ በተሰባበረ አማርኛው "ትክክል! እሱ ትክክል ነው!" ቢልም አስተርጓሚው በጎን በር ወጥቶ ነበር። አባቴም አስነሣን፤ መጨረሻውን ሳናይ ወጣን።

መንገድ ላይ አባቴ፣ "ሰውየው ሸጋ ነው። እኔም የተቀመጥኩበትን ረስቼ ነበር" አለ። "ልጄን ግን አልሰጠውም። እውነቱን ያወጣው ሲያዝ ነው።"

"አልተያዘም፣ አባባ፤" አለች እህቴ። ለአባቷ መልስ ስትሰጥ ያን ቀን ብቻ ነው የሰማኋት። "መምህሩ ምንም ሳይል እሱ ራሱ ነው የተናገረው።"

አባቴ እርምጃውን ፈጠን አደረገ።

እኔ ደግሞ እንቅልፍ የነሳኝ የፊልሙ ነገር ነው። ሴትዮዋ ምን ሆነች? ሳልቆይ መምህሩን በር ላይ ጠብቄ ጠየቅሁት። ያን ዕለት የሳቀውም ትርጉሙ ስቶ ሳይሆን እንደዚያ ልክ ሲገጥም ገርሞት ነበር። ምትሃተኛው አልሞተም አለኝ፤ ጥይቱም እንደ ሳጥኑ ማታለያ ነው። ጓደኛው ሐብሉን ይዞ ጥሏት ጠፋ፤ እሷን ባቡር ጣቢያ ላይ ፖሊስ ያዛት። ባሏ ከሰው መሐል ቆሞ ስትወሰድ እያየ ዝም አለ።

አስተርጓሚው ከተማውን ለቆ ሄደ፤ ወዴት እንደሄደ የሚያውቅ አላገኘሁም። እህቴ በዓመቱ ለሳንጃ ሰሊጥ ነጋዴ ታጨች። ክፉ ሰው አልነበረም።

የሠርጓ ዕለት ጠዋት እጇ በእንሶስላ ቀልቶ አጠገቧ ጠራችኝ። ውጭ መኪናው ሞተሩን እያሞቀ ነው።

"ያን ፊልም መምህሩን ጠይቀሽዋል፤ አውቅሻለሁ" አለችኝ። "ሴትዮዋ መጨረሻዋ ምን ሆነ?"

ፊቷን አየሁት።

"አመለጠች፣" አልኳት። "በባቡር።"

"ከማን ጋር?"

"ከምትሃተኛው ጋር። አልሞተም ነበር፤ ጣቢያ ቆሞ ይጠብቃት ነበር። ይቅር ተባባሉና ሄዱ።"

 ነጠላዋን ወደ ፊቷ ሳብ አድርጋ፣

"እሱም ቢተረጉመው እንደዚያ ነበር የሚጨርሰው" አለች።

ከዚያ ሚዜዎቹ ገቡ።