ፊቷ ይታይ

አዋላጅ ነኝ፣ ሶዶ ሆስፒታል ውስጥ። ፊልም ሠሪ ያደረገኝ ንዴት ነው። ምጥ የያዛት ሴት ስትጮህ «ስታረግዢ አልጮህሽም፣ አሁን ምን ያስጮህሻል!» ትባላለች። ይህን ስብሰባ ላይ ባነሳሁ ቁጥር «እናጣራለን» ይሉኛል። አጣርተው አያውቁም። እኔን ካልሰሙ እናቶቹን ራሳቸውን ይስሟቸው አልኩና በስልኬ መቅረጽ ጀመርኩ።

አንዷን እናት ልቀርጻት ሁምቦ ድረስ ሄድኩ። የጓሮ ሥራ ላይ አገኛታለሁ ብዬ ነበር። እሷ ግን ለጊፋታ፣ ለዘመን መለወጫችን፣ የምታወጣውን ባለ ቀለም ጥለት ዱንጉዛ ልብሷን ደርባ፣ ፀጉሯን ቅቤ ተቀብታ ጠበቀችኝ። በወላይትኛ ሁሉንም ነገረችኝ። እኛ ዘንድ ቤት ውስጥ ሲወለድ አንዲት ሴት ከኋላ ተቀምጣ ምጥ የያዛትን ትደግፋታለች። እሷም እኛ ሆስፒታል ልትወልድ ስትመጣ አማቷን፣ የባሏን እናት፣ አስገቡልኝ ብላ ለመነች። አማቷ በር ላይ ቀሩ። ስትጮህ ደግሞ ከሠራተኞቹ አንዱ ጭኗን በጥፊ መታት። ይህን ስትናገር ዓይኗን ከካሜራው አልነቀለችም።

ፊልሙ ለሠራተኞች ሊታይ ሲል ኃላፊያችን ቢሮው አስጠራኝ።

«ሲስተር፣ የዚችን ሴትዮ ፊት ሸፍኚው። ለራሷ ደህንነት ነው።»

«ለእሷ ነው ወይስ ለእኛ፣ ዶክተር?»

«ካልተሸፈነ አይታይም። በቃ!»

ደውዬ ነገርኳት። ሳቀች። «ቴሌቪዥን ላይ ፊቱ የሚሸፈነው እኮ ሌባ ነው። እኔ ወለድኩ እንጂ ምን ሰረቅሁ?» አለችኝ። ልቤ ሞላ። አልሸፍንም አልኩና ለኃላፊው ሳልነግር እንዳለ ተውኩት፤ የመጣው ይምጣ።

የፊልሙ ቀን ከአማቷ ጋር በሚኒባስ መጥታ አዳራሹ ውስጥ ከኋላ ተቀመጠች። ገና ፊቷ ግድግዳው ላይ ብቅ ሲል ኃላፊው ተነሳና «አጥፉት!» አለ። አጠፉት።

እሷ ግን ተነስታ ወደ ፊት መጣች። ከሐኪሞቹ ብዙዎቹ ከሌላ አካባቢ የተመደቡ ስለሆኑ እንዲገባቸው በተሰባበረ አማርኛዋ ተናገረች።

«አጠፋችሁ። ይሄ ፊት ግን የኔ ነው፣ አይጠፋም። አማቴ በር ላይ ቀረ፣ እኔ ውስጥ ተመታ። የመታኝ ሰው እዚህ አለ። ስሙን አልጠራም። እሱ እኔን ያውቃል።»

ከነርሶቹ አንዷ ጫማዋን ታያለች። ወደ ኮምፒውተሩ ሄጄ ፊልሙን መልሼ ከፈትኩት። ማንንም አላስፈቀድኩም።

«ሲስተር!» ብሎ ጮኸብኝ ኃላፊው።

«ይቀመጡ ዶክተር፤ ገና አልጨረሰችም» አልኩት።

ተቀመጠ።