ፈንታ እና ያልወጣው አልበማችን

ጠዋት ስልኬ ላይ የፈንታ ስም ሲመጣ «ደግሞ ምን ሰበብ አገኘ» ብዬ ነው ያነሳሁት። የመለሰልኝ ሌላ ሰው ነበር። ከሰቆጣ ወጣ ብሎ ባለው ዝቋላ ወረዳ አብሮት የሚያስተምር ጓደኛው መሆኑን ነገረኝ። የቀጠለውን ሁለቴ አስደገምኩት። እስካሁን አልገባኝም። ይኸው ስልኬን አፍጥጬ እያየሁ ነው፤ ራሱ ደውሎ የሚስቅብኝ ይመስለኛል።

ፈንታ ሞቷል። ወባ ነው አሉ። አራት ቀን ሙሉ «ይለቀኛል» እያለ ክፍል ገብቶ ሲያስተምር ቆይቶ፣ ጤና ጣቢያ ሲደርስ ረፍዶ ነበር።

ለማታውቁት፣ ፈንታ የቆርቆሮ ባንድ ድምፃዊና ጊታሪስት ነው። «ነበር» ለማለት እጄ እምቢ አለኝ። ሰቆጣ ላይ ሮክ የምንጫወት ሦስት ሰዎች ነን፦ እሱ፣ ድራም የሚመታው ደሳለ፣ ቤዝ የምጫወተው እኔ። ግማሹን በአማርኛ፣ ግማሹን በአካባቢያችን ቋንቋ በኽምጣና እንዘፍናለን።

ስማችንን ያገኘነው ከስቱዲዮአችን ጣሪያ ነው። ስቱዲዮ የምንላት አንዲት የኪራይ ክፍል ናት። ድምፅ እንዳያስተጋባ ከየቤታችን ያመጣነውን ወፍራም የሱፍ ባና ግድግዳው ላይ ሰቅለናል። ዝናብ ሲመጣ ቆርቆሮው ስለሚጮህ መቅዳት አይቻልም፤ በበጋ ደግሞ መብራት የለም። ስለዚህ ሰማዩ ጠርቶ መብራት ከመጣ የያዝነውን ጥለን መሮጥ ነው።

አንድ ቀን ደሳለ ከፀጉር ቤት ግማሽ ራሱን ተላጭቶ ከተፍ አለ። መብራቱ ሳይሄድ ልድረስ ብሎ ነው። ፈንታ ሳቁ እያመለጠው የዚያን ቀኑን ዘፈን አምስት ጊዜ ቀዳነው። በአምስተኛውም መጨረሻው ላይ ትንሽ ይስቃል። እኔም ሆን ብዬ አላጠፋሁትም።

አልበሙን «ክረምት ሳይገባ» አልነው። ስሙን ካወጣንለት ወዲህ ስንት ክረምት ገብቶ ወጣ።

ቀረጻው ካለቀ ቆይቷል። ደሳለም ሳውዲ ከሄደ ከራርሟል። ያላወጣነው በፈንታ ምክንያት ነው። ቀን በቆረጥን ቁጥር ሰው ይሞታል። መጀመሪያ የአከራያችን እናት አረፉ፤ ፈንታ አርባቸው ይውጣ አለ። ቀጥሎ የደሳለ አጎት ሞቱ፤ አሁንም አርባ። ፈንታ ያደገው ጎረቤት ለቅሶ ከተቀመጠ ሬዲዮ የማይከፈትበት ቤት ነው። ኢንተርኔት ላይ እኮ ነው የምንለቀው፣ ለቅሶ ቤት ድረስ ማን ይሰማዋል ብዬ ብከራከረው አይሰማኝም። «ዘፈኑ የት ይሄዳል? ለቅሶው ይለፍ» ይለኛል። ይህቺን አባባሉን የምታውቁት ሁሉ አሁን በእሱ ድምፅ እንደሰማችኋት አውቃለሁ።

በመጨረሻ ለዚህ ቅዳሜ ቀጠርን። ባለፈው ሳምንት ደወለልኝ። ዝቋላ የተከራየበት ግቢ ባለቤት፣ ሲያመው አጥሚት የሚያፈሉለት ባልቴት፣ ሞተዋል። እናራዝመው አለ። እኔ ደግሞ ታውቁኛላችሁ፣ ትዕግሥት አልፈጠረብኝም። «ሰው መሞት የሚያቆምበት ቀን ካለ ንገረኝና እሱን እንቅጠር» አልኩት።

ከዚያ «እሺ፣ እንዳልክ ቅዳሜ ይውጣ» ብሎ ዘጋው።

አሸነፍኩ ብዬ ደስ አለኝ። የመጨረሻ ንግግራችን ይኸው ነው። ድምፁ ደከም ብሎ ነበር። የተቀየመኝ መስሎኝ ነው እንጂ አሞህ ነው ወይ ብዬ አልጠየቅኩትም።

ዛሬ ደሳለ የድምፅ መልእክት ላከልኝ። ሰው ሁሉ ስሙን እያነሳ ሳለ ዛሬውኑ ልቀቀው ነው የሚለው። ብዙዎቻችሁም በውስጥ መስመር ይህንኑ ጻፋችሁልኝ። ፋይሉ ያለው እኔ ጋር ብቻ ነው። አልዋሽም፣ ልለቀው ነበር። ግን መጀመሪያ አባቱ ጋ ሄድኩ።

አባቱ አያ ሞላ ሰቆጣ ዙሪያ ገበሬ ናቸው። ስደርስ ሰዎች ድንኳን እየተከሉ ነበር፤ አስከሬኑ የሚደርሰው ነገ ጠዋት ነው። አያ ሞላ ሲያዩኝ ከሰው ለይተው ወደ አጥሩ ወሰዱኝ።

«ያ ሥራችሁ አለቀ?» አሉኝ።

«አልቋል አያ።»

«ድምጡ አለበት?»

«አለበት።»

አጥሩን ያዙ። «እኔ አንድ ቀን ሰምቼው አላውቅም። እኔን አፍሮ ከፊቴ አይዘፍንም ነበር» አሉ።

ላሰማዎት ብዬ ስልኬን ሳወጣ እጄን ያዙኝ።

«ዛሬማ ነውር ነው ልጄ። አርባው ሲወጣ መጥተህ ታሰማኛለህ። እስከዚያ እንዳይጠፋብህ።»

አሁን ስቱዲዮ ተመልሻለሁ። መብራት አለ። ባናዎቹ እንደተሰቀሉ ናቸው፤ ጊታሩም እንደተወው ግድግዳውን ተደግፏል። ፋይሉን ሁለት ፍላሽ ላይ ገለበጥኩ፤ ያም አላጠገበኝም፣ ሦስተኛ ልገዛ ነው። እዚህች ክፍል ውስጥ ብቻዬን ስሆን እንዲህ ሰፊ መሆኗን አላውቅም ነበር። ደሳለ ሩቅ ነው። የምጨቃጨቀው ሰው እንኳ የለኝም።

ፈንታ፣ ደህንነትህን ሳልጠይቅ ስለ ቅዳሜ ያደረቅኩህን ይቅር በለኝ። ቅዳሜ ምንም አይወጣም። ደሳለም አባትህ ያሉትን ስነግረው ገብቶታል። ለሰው ከማሰማታችን በፊት ቁጭ ብለው አባትህ ይሰሙሃል፤ ምን እንዳሉ መጥቼ መቃብርህ ላይ እነግርሃለሁ።

ድምፅህ እዚሁ ፊቴ ነው፤ አንዴ ብነካው ትዘፍናለህ። እንዴት እንደናፈቅከኝ። ግን እጄን ሰብስቤ ተቀምጫለሁ።

ደህና ሁን ወንድሜ። እስከ አርባህ እኔም አልሰማህም።