ባለቤት ያልቀረበላቸው ፋይሎች

አቃቂ በሚገኝ አንድ መሥሪያ ቤት የስታቲስቲክስ ቡድን በምመራበት ጊዜ፣ የኮምፒውተሮቻችን የጋራ ሰርቨር ሞላ ተባለ። ምክትል ኃላፊው እያንዳንዱ ክፍል ፋይሎቹን በቅጽ ሞልቶ በፊርማ እንዲረከብ፣ ባለቤት ያልቀረበለት ፋይል ሁሉ እንዲሰረዝ አዘዙ።

የስሌት ፕሮግራማችን ያለ እነርሱ የማይነሳ፣ ሌሎች ክፍሎችም የሚገለገሉባቸው ፋይሎች ነበሩ። የእኛ ብቻ ስላልሆኑ በባለቤት ዓምድ ላይ «የጋራ» ብዬ ጻፍኩ። ቅጹ ተመለሰልኝ።

«በመዋቅራችን ‹የጋራ› የሚባል ክፍል የለም» አሉኝ ምክትል ኃላፊው።

ጸሐፊያችን ይህን ሰምታ፣ «ጋሼ፣ ለእኔ ይስጡኝና በማደጎ ላሳድጋቸው» ብላ አሳቀችን። የጽሑፍ ማብራሪያ አስገብቼ መልስ ስጠብቅ ፋይሎቹ ተሰረዙ፤ ፕሮግራሙም አልነሳም አለ።

በወቅቱ ቤት ለቤት የሰበሰብነውን የውሃ ችግር መረጃ እያሰላን ነበር፤ የአዳዲስ ቦኖዎች ቦታ የሚወሰነውም በዚያ ውጤት ነበር። የፕሮግራሙ ሲዲ ከሌላ ቢሮ እስኪመጣ ማንም አልጠበቀንም። ቦኖዎቹ በግምት ተደለደሉ፤ ሴቶች ጀሪካን አዝለው ከሁሉም ርቀው ለሚሄዱበት መንደር አንድም አልደረሰውም።

በግምገማው ዕለት እኚሁ ምክትል ኃላፊ በሠራተኛው ፊት፣ «ለውሃው ጥናት ሪፖርት መዘግየት ግለ ሂስ ያድርጉ» አሉኝ።

«ፋይሎቹን ያሰረዙት እርስዎ ነዎት፤ ሂሱም የእርስዎ ነው» አልኳቸው።

በቃለ ጉባኤው «ሂስ የማይቀበል» ተብዬ ተመዘገብኩ። ያ መንደር ቦኖ እስኪገባለት ሌላ ሁለት ዓመት ጠበቀ፤ ጥፋቱ የእኔ ነበር ብዬ ግን ዛሬም አልናገርም።